«የአያቴን ጎተራ ሲሚንቶ ባስለስነው ተሰነጠቀ»

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ጋሽዬ። የምኖረው እዚሁ ጎንደር አዘዞ ነው። አባቴ አምና ሲያርፍ ደንቢያ ያለው የአያቴ ግቢ ለኛ ለሶስታችን ቀረ። ግቢው ውስጥ ሁለት ጎተራ አለ፣ አንዱ ክዳኑ ወርዷል አንዱ ግን አሁንም ቀጥ ብሎ ቆሟል፣ ከጎኑ ደሞ ግድግዳው ድንጋይ የሆነ የከብት ቤት አለ። አባቴ ጎተራው 200 ዓመት ሆኖታል ይል ነበር። ታላቅ ወንድሜ አፍርሰን የቆርቆሮ መጋዘን እንስራበት ይላል እኔ ደሞ ሆዴ እምቢ አለኝ። አንድ ግንበኛ «ሲሚንቶ አስለስነው ዘላለም ይኖራል» ብሎኝ አንዱን ጎን አስለስኜው ነበር፣ ክረምቱ ሳያልቅ ተሰነጠቀ። ምን ይሻለኛል? እውነት 200 ዓመትስ ይሆነዋል?

መልስ፦ ወንድሜ መጀመሪያ ነፍስ ይማር። ከሲሚንቶው ልጀምር፣ እሱ ነው ዛሬ ነገ የማይባለው። ጎተራ እኮ ግንብ አይደለም፣ ጭቃ የለበሰ ትልቅ ቅርጫት ነው። ቅርጫቱ እርጥበት ሲያገኝ ያብጣል ፀሐይ ሲመታው ይሰበሰባል፣ ጭቃው ደሞ አብሮት ይሄዳል፣ ሲሚንቶ ግን ንቅንቅ ስለማይል ይሰነጠቃል። በስንጥቁ የገባው ዝናብ መውጫ ያጣና እንጨቱን ከውስጥ ያበሰብሰዋል፣ የበሰበሰ እንጨት ደሞ ለምስጥ ሰርግና ምላሽ ነው። ከውጭ ስታየው ድንጋይ የመሰለ ጎተራ አንድ ማለዳ ቁጭ ብሎ ታገኘዋለህ።

ግንበኛህንም ብዙ አትፍረድበት። ፋሲል ግቢ ራሱ በ1930ዎቹ (በፈረንጅ) በሲሚንቶና በአርማታ ተጠግኖ ነበር፣ ከዛ በ1970ዎቹ በዩኔስኮ እርዳታ ያ ጥገና ተነስቶ በኖራ ተተካ። የነገስታቱ ድንጋይ ያልተስማማውን ነገር ያንተ ጎተራ እንዴት ይስማማዋል?

እና ሲሚንቶውን በበጋ ቀስ እያልክ አንሳው። እንጨቱን ይዞ የሚመጣ ከሆነ ግን አትታገል፣ እዛ ጋ ያለውን ቅርጫት ቆርጠህ በአዲስ ማስጠለፍ ነው የሚሻለው። ለምርጊቱ ቀይ አፈር ፈልግ፣ የደንቢያን ጥቁር አፈር እንዳትሞክረው፣ ዋልካ በክረምት ያብጥና በበጋ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ ይሰራል። ከጤፍ ጭድ ጋር በእግር ይቦካና ጥቂት ቀን ይደር፣ ሽታው ሲለወጥ ደርሷል ማለት ነው። ሳስ አድርገህ አንዴ ምረገው፣ ሲደርቅ ሁለተኛ ድገመው፣ የመጨረሻው እበት ነው። ከታህሳስ በኋላ ብታደርገው ጥሩ ነው፣ ውቂያ አልቆ ጭዱም እንደልብ ይገኛል ዝናብም የለም።

ግን ከዚህ ሁሉ በፊት ክዳኑ! ጎተራ የሚሞተው ከአናቱ ነው። አንዱ ክዳኑ ወርዷል ያልከኝ የኔ ወንድም በዚህ ክረምት አይተርፍልህም፣ ሳር እስክታገኝ እንኳን ሸራ አልብሰው። ቀጥሎ ጎንበስ በልና ከስሩ እይ። የተቀመጠበት ድንጋይ ዙሪያ ለዓመታት ጭድና አፈር ተከምሮ መሬቱ ጎተራውን ነክቶት ይሆናል፣ ምስጥ የሚወጣው በዛ ድልድይ ነው። ጥረገው፣ ዶሮ ከስሩ ማለፍ አለባት።

ስለ 200 ዓመቱ ካነሳህ አባትህን ውሸታም ማለቴ አይደለም፣ ቦታው ላይ ከጥንት ጀምሮ ጎተራ ቆሞበት ይሆናል። ቅርጫቱ ግን እየተበጣጠሰ ሲቀየር የኖረ ነገር ነው። ማገሩንና ክዳኑን የያዘውን እንጨት እየው፣ ባህር ዛፍ ከሆነ ያ እንጨት ከምኒልክ በፊት ሊሆን አይችልም፣ ባህር ዛፍ አገራችን የገባው በ1880ዎቹ ዓ.ም. ነው። ወይራ ወይም ጥድ ካገኘህ ደስ ይበልህ፣ ግን አንድ ወይራ አይተህ ጎተራው ጥንታዊ ነው ብለህ እንዳትፎክር፣ ከፈረሰ ቤት የተነቀለ እንጨት ሌላ ቤት ላይ መግባቱ ያለ ነው። እኔን ብትጠይቀኝ በግቢው ውስጥ በእድሜ የሚቀድመው ያ የድንጋዩ የከብት ቤት ይመስለኛል፣ እሱንም ሲሚንቶ እንዳታስነካው።

ወንድምህም ሙሉ በሙሉ አልተሳሳተም። የዘንድሮ ሰው ሳር ከየት ያመጣል፣ ክዳን የሚያውቅ ሽማግሌስ ስንት ቀረ። ስለዚህ ላስታርቃችሁ፦ ከጎተራው ጋር ያልተነካካ አራት ምሰሶ አቁማችሁ ከላዩ ቆርቆሮ ዘርጉለት። አያምርም፣ አውቃለሁ፣ ግን ደረቅ ይሆናል። እህሉን ባዶ የቆርቆሮ ቤት ውስጥ ማጎር ግን ሌላ ጣጣ ነው፣ ቀን ይግላል ሌሊት ይቀዘቅዛል፣ ንጋት ላይ ቆርቆሮው ያልበውና እህሉ ላይ ይንጠባጠባል፣ ከዛ ሻጋታ።

ደሞ ጎተራውን ባዶውን አታስቀምጡት። ጤፍ አስገቡበት፣ ጤፍን ነቀዝ አይደፍረውም። በቆሎና ማሽላችሁን ግን በዚህ አሁን በመጣው ሶስት ድርብ ፒክስ ከረጢት አድርጉት፣ አየር ስለማያስገባ ነቀዙ ውስጥ ያለውን አየር ይጨርስና ያልቃል፣ መድኃኒት አያስፈልገውም። እህል የገባበት ጎተራ በየሳምንቱ ሰው ያየዋል፣ ቀዳዳው ሲጀምር ይደፈናል። እኔ ልጅ ሆኜ አያቴ ክዳኑን በበትር ደግፋ እኔን ነበር የምታስገባኝ፣ ከስር የቀረውን በቁና እየዛቅኩ አቀብላታለሁ። ውስጡ ይጨልማል፣ የጤፍ አቧራ አፍንጫ ውስጥ ይገባል፣ የሆነ ቦታ በመርፌ የተወጋ የሚያህል ብርሃን ካየሁ ጮክ ብዬ እናገር ነበር፣ ማታውኑ እበት ይለጠፍበታል።

ጥያቄ፦ አስጎብኚ ነኝ። ፋሲል ግቢ ውስጥ የአፄ በካፋን የፈረስ ጋጣ ሳሳይ አንድ እንግዳ «የገበሬውስ ጋጣ የታለ?» ብሎ ጠየቀኝና መልስ አጣሁ።

መልስ፦ ጎበዝ እንግዳ ነው! እኛ አገር እኮ የንጉስ ፈረስ እንኳን ጉልላት አለው፣ ፋሲል መዋኛ አጠገብ ያለውን፣ ዞብል የሚሉት ፈረስ መቃብር ነው የሚባለውን ታውቀዋለህ። የገበሬው በሬ የሚያድረው ብዙ ጊዜ እዛው ቤት ውስጥ በአንድ ጥግ ባለ ጋጣ ነበር፣ በእንጨትና በጭቃ የተሰራ ስለሆነ ባለቤቱ ሲሄድ አብሮ ይሄዳል። ፋሲል ግቢ በ1979 (በፈረንጅ) የዓለም ቅርስ መዝገብ ላይ ሲገባ የገባው ግንቡ ነው። የቅርስ አዋጁ ግን፣ ቁጥር 209/1992፣ ቅርስ ማለት ቤተ መንግስት ብቻ ነው አይልም። እስካሁን የቆመ የገበሬ ጋጣ ካገኘህ እንዲመዘገብ የወረዳህን ባህልና ቱሪዝም ጠይቅ፣ ፎቶና የባለቤቱን ፈቃድ ይዘህ ሂድ። ለባለቤቱ ግን ከመጀመሪያው ንገረው፣ ከተመዘገበ በኋላ እንደፈለገ ማፍረስም መጠገንም አይችልም፣ ፈቃድ ይጠየቃል። በኋላ ሰምቶ እንዳይጣላህ።

ጥያቄ፦ ጎታና ጎተራ ልዩነታቸው ምንድነው? ከባለቤቴ ጋር ተወራርደናል።

መልስ፦ ጎተራ ደጅ ነው የሚያድረው፣ ቅርጫት አለው፣ ክዳን አለው። ጎታ ቤት ውስጥ ነው፣ ቅርጫት የለውም፣ ጭቃና ጭድ እየተደራረበ በሴቶች እጅ የሚሰራ ነው፣ ቀለበት ቀለበቱን እየደረቀ ስለሚጨመርበት አንድ ጎታ ለማቆም ቀናት ይፈጃል። አንዳንዱ ከበሩ ይሰፋል፣ ቤት ሲቀየር ሰብሮ ከማውጣት በቀር መላ የለውም። ውርርዱን ማን እንዳሸነፈ ፃፉልኝ።