ዓሣው ሳይቀቀል ለምን ይሞታል? ስለ ሙቀት ብክለት ጥያቄና መልስ

ብክለት ሲባል ሰው የሚመጣበት ኬሚካል፣ ፕላስቲክና ሽታ ነው። ውሃ ግን ጥርት ብሎ፣ ምንም ሳይሸት፣ በሙቀት ብቻ ሊበከል ይችላል። ዓሣ ላይ ስሠራ ብዙ ዓመት ስለሆነኝ "ጠይቁኝ" አልኳችሁ፤ ጥያቄው ጎረፈ። ተመሳሳዮቹን እየጨፈለቅኩ መልሻለሁ።

ጥያቄ፦ ፀሐይም ውሃ ታሞቃለች እኮ። ሙቀት እንዴት ብክለት ይሆናል?

መልስ፦ ፀሐይ ቀስ ብላ ነው የምታሞቀው። ሌሊት ደግሞ ይቀዘቅዛል። ዓሣው ለዚያ የተሠራ ነው። ብክለት የምንለው ሰው ከወትሮው ውጪ ሲያሞቀው ነው፤ ሲያቀዘቅዘውም ጭምር፣ እመለስበታለሁ። ዋናው ምንጭ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ነው። በድንጋይ ከሰልም ይሥራ በኑክሌር፣ ውሃ ያፈላና በእንፋሎቱ ተርባይን ያዞራል። ከዚያ እንፋሎቱ መቀዝቀዝ አለበት። ለዚህ ከወንዝ ወይም ከባሕር ውሃ ይሳባል፣ በቱቦ ያልፋል፣ ሞቆ ይመለሳል። የኑክሌር ጣቢያ ካመነጨው ሙቀት ወደ ኤሌክትሪክ የሚቀይረው ሲሶውን ያህል ብቻ ነው። ቀሪውን ወንዙ ወይም አየሩ ይሸከመዋል።

ጥያቄ፦ መምህር፣ ዓሣ የሚሞተው ስንት ዲግሪ ሲደርስ ነው? ቁጥሩን ብቻ ንገረን።

መልስ፦ አንድ ቁጥር ቢኖር ደስ ባለኝ። ባሌ ተራሮች ወንዞች ውስጥ ከኬንያ መጥቶ የተለቀቀው ትራውት 25 ዲግሪ አካባቢ ሲደርስ ነፍሱ አደጋ ላይ ናት። የኛ ቆሮሶ (ቲላፒያ) ደግሞ 30 ዲግሪ ላይ ይፈነጥዛል፤ እሱን የሚገድለው ብርድ ነው።

ከቁጥሩ ይልቅ ምክንያቱን ያዙልኝ። የአብዛኛው ዓሣ ሰውነት ሙቀቱ የውሃው ሙቀት ነው። ውሃው በ10 ዲግሪ ሲጨምር ሰውነቱ የሚፈልገው ኦክስጅን በግምት እጥፍ ይሆናል። ችግሩ ውሃ ሲሞቅ ኦክስጅን የመያዝ አቅሙ ይቀንሳል። በባሕር ጠለል ከፍታ ላይ አንድ ሊትር ንጹሕ ውሃ 0 ዲግሪ ላይ 14.6 ሚሊ ግራም ኦክስጅን ይይዛል። 20 ላይ 9.1፣ 30 ላይ 7.6 ይሆናል። ደሞዝ እየቀነሰ አስቤዛ የሚጨምርበትን ቤት አስቡ። እንደ ጣና 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ያለ ውሃ ደግሞ አየሩ ስስ ስለሆነ ከመነሻው የሚይዘው ያነሰ ነው።

ስለዚህ ዓሣው አይቀቀልም፤ ይታፈናል። ላይ ወጥቶ አፉን ሲከፍት ሲዘጋ ካያችሁት እየተራበ አይደለም፣ ትንፋሽ አጥሮት ነው። ወዲያው ባይሞት እንኳ ማደግ ያቆማል፣ እንቁላል መጣል ይተዋል፣ በሽታ በቀላሉ ይይዘዋል።

ጥያቄ፦ የምኖረው እስራኤል፣ ሐዴራ ነው። በክረምት ሻርኮቹ ማመንጫው አፍ ላይ ይሰበሰባሉ፣ ሰው መጥቶ ያያቸዋል። ወደውት አይደል እንዴ የሚመጡት? ጉዳቱ ታዲያ የቱ ጋ ነው?

መልስ፦ (ለአገር ቤት አንባቢ፦ እስራኤል ውስጥ ክረምት ማለት ብርዱ ነው፣ ሐምሌና ነሐሴ አይደለም።) ጥሩ ጥያቄ ነው። ኦሮት ራቢን የተባለው ማመንጫ ከሜዲትራኒያን ውሃ ስቦ ሞቅ ያለውን ይመልሳል። ሻርኮቹ ብርዱን እዚያ ያሳልፋሉ። ወደውታል፣ ልክ ነህ። ግን መውደድና ጥገኛ መሆን ለየቅል ናቸው። እንስሳውና ሰው አንድ ጠባብ ቦታ ላይ መገናኘታቸውም የራሱ ጣጣ አለው፤ እ.ኤ.አ. በ2025 ሚያዝያ ላይ እዚያ የሚዋኝ ሰው በሻርክ ተገድሏል።

ጥገኝነቱን ፍሎሪዳ ሂዱና እዩት። ማናቲ የሚባል ትልቅ፣ ሣር በል የባሕር እንስሳ አለ። ከ20 ዲግሪ በታች የሆነ ውሃ ውስጥ ብዙ ከቆየ ይሞታል። ድሮ ብርድ ሲመጣ የሚሸሸው ወደ ተፈጥሮ ምንጮች ነበር። አሁን ብዙው የማመንጫ ቱቦ ሥር ይከርማል። እናቲቱ ትመጣለች፣ ልጇም ያንኑ መንገድ ይለምዳል። ማመንጫው አርጅቶ የተዘጋ ቀንስ?

መልሱን ኒው ጀርሲ ላይ አይተነዋል። እ.ኤ.አ. በጥር 1972 ኦይስተር ክሪክ የተባለው የኑክሌር ጣቢያ ሥራ አቆመ። ሞቃቱን ተከትለው፣ መሰደድ ትተው የቀሩት ሜንሄደን የተባሉ ዓሦች ባንዴ የጥር ብርድ ውስጥ ገቡ። በብዛት አለቁ። የገደላቸው ሙቀቱ ሳይሆን የሙቀቱ መጥፋት ነው። ለኔ ከዲግሪው ይልቅ ድንገተኛነቱ ያስፈራኛል የምለው ለዚህ ነው።

ጥያቄ፦ ዱባይ ነው ያለሁት። የምንጠጣው ውሃ ከባሕር ተጣርቶ ነው አሉ። እሱም ያሞቃል?

መልስ፦ አዎ እህቴ። በተለይ ውሃውን አትንነው ጨው የሚለዩት የቆዩት ዓይነቶች ሞቃትና ይበልጥ ጨዋማ ውሃ ነው የሚመልሱት። ባሕረ ሰላጤው ደግሞ ጥልቀት የለውም፣ በበጋ ራሱ ላዩ ከ35 ዲግሪ የሚያልፍበት ቦታ አለ። እዚያ ያለው ኮራል (ባሕር ውስጥ ድንጋይ መሰል ቤት የሚሠራ ትንሽ እንስሳ) በጣም ሙቀት ቻይ ነው፤ ግን ቀድሞውንም ጫፍ ላይ ቆሟል። ኮራል ከለመደው የበጋ ጣሪያ አንድ ዲግሪ ያህል አልፎ ለሳምንታት ከቆየበት፣ ምግብ የሚሠሩለትን ጥቃቅን አልጌዎች ከሰውነቱ ያስወጣል። ነጭ ሆኖ የምታይው ያኔ ነው።

ጥያቄ፦ እኛ አገር መብራት ከግድብ ነው። ስለዚህ አይመለከተንም ማለት ነው?

መልስ፦ ከዚህኛው ዓይነት በአብዛኛው ተርፈናል። ወንዝ ዳር ቆሞ ውሃ የሚያፈላ ትልቅ ማመንጫ የለንም። ግን ሁለት ነገር ልንገራችሁ።

አንደኛው ዛፍ ነው። ወንዝ ዳር ያለ ዛፍ የውሃው ጃንጥላ ነው። አሜሪካ፣ ኦሪገን ውስጥ የአንዲት ትንሽ ወንዝ ተፋሰስ ደን ሙሉ በሙሉ ተጨፈጨፈ። የውሃው የዓመቱ ከፍተኛ ሙቀት ከ14 ዲግሪ ገደማ ተነስቶ በዓመቱ 29 ደረሰ። ፋብሪካ የለ፣ ቱቦ የለ፤ መጥረቢያ ብቻ። እኛ ጋ ወንዝ ዳር የሚጨፈጨፈውን አስቡትና ሒሳቡን ለናንተ ልተው። ስለ ሙቀት ብክለት ስናወራ ዓይናችን ጭስ ማውጫ ላይ ቢቀር የራሳችንን ሳናይ እናልፋለን።

ሁለተኛው ግድቡ ራሱ ነው። ጥልቅ ግድብ ውስጥ ላዩ ይሞቃል፣ ታቹ ቀዝቃዛ ሆኖ ይቀራል። ከሥር ከተለቀቀ ከግድቡ በታች ያለው ወንዝ ባልለመደው ብርድ ይመታል። ተቃራኒውም አለ። ካሊፎርኒያ ሳክራሜንቶ ወንዝ ላይ የሻስታ ግድብ ሳልመን ዓሦችን እንቁላል ከሚጥሉበት ቀዝቃዛ ውሃ ቆረጣቸው። ስለዚህ ውሃ ከየትኛው ጥልቀት እንደሚለቀቅ የሚመርጥ መሣሪያ እ.ኤ.አ. በ1997 ተገጠመለት። በ2014 እና በ2015 ድርቅ ሲመታ ግን ቀዝቃዛው ውሃ አለቀ። በብርዱ ወራት የሚመጡት ሳልመኖች ከጣሉት እንቁላልና ከተፈለፈሉት ጫጩቶች 95 በመቶ ገደማው ጠፋ።

ጥያቄ፦ ሙቀት የዓሣ ጾታ ይቀይራል የሚባለው ቀልድ ነው?

መልስ፦ ቀልድ አይደለም። የቆሮሶ ጫጩት ገና በተፈለፈለበት ሰሞን ውሃው ወደ 35 ዲግሪ አካባቢ ሆኖ ከቆየ፣ ሴት መሆን የነበረባቸው አንዳንዶቹ ወንድ ሆነው ያድጋሉ።

ጥያቄ፦ አፋር ውስጥ ፍል ውሃ ዳር ዓሣ አይቻለሁ። ዓሣ ሙቀት አይችልም ስትል ግራ ገባኝ።

መልስ፦ ዓይንህ አልዋሸህም። አፍዴራ ሐይቅ ውስጥ ፍል ምንጮች የሚገቡበት ዳር ላይ የሚኖሩ፣ ሌላ የትም የሌሉ ትንንሽ ዓሦች አሉ። ኬንያ ማጋዲ ሐይቅ ደግሞ 40 ዲግሪ የሚያልፍ ውሃ የሚችል የቆሮሶ ዘመድ አለ። እነሱ ግን ለመልመድ ሺህ ዓመታት አግኝተዋል። ማመንጫ ሲከፈት ወንዙ የሚያገኘው አንድ ጠዋት ነው።

ጥያቄ፦ መፍትሔ የለውም ወይ?

መልስ፦ አለው፣ ግን ገንዘብ ይጠይቃል። ውሃውን ከመልቀቅ በፊት በማማ ወይም በሰው ሠራሽ ኩሬ ማቀዝቀዝ ይቻላል። ፍሎሪዳ ተርኪ ፖይንት ላይ ሞቃቱ ውሃ የባሕር ሣሩን ሲጨርስ ክስ መጣ፣ ከዚያ ረጃጅም የማቀዝቀዣ ቦዮች ተቆፈሩ። የሚገርመው ዛሬ ቦዮቹ ዳር አዞ ይፈለፈላል። ፈረንሳይ ደግሞ ለወንዞቿ የሙቀት ጣሪያ አላት፤ ጋሮን ወንዝ ላይ 28 ዲግሪ ሲደርስ የጎልፌሽ ጣቢያ ምርቱን መቀነስ ወይም ማቆም አለበት። ሕጉ ጥሩ ነው። ግን እ.ኤ.አ. በ2003 እና በ2022 ሙቀቱ ሲበረታ ለአንዳንድ ጣቢያዎች ጣሪያው ለጊዜው ከፍ ተደርጓል። መብራት ይቅር የሚል መንግሥት ብዙም አላየሁም።

ጥያቄ፦ የኔ ትንሽ ናት። ቤት ውስጥ የመስታወት ገንዳ አለኝ። ውሃ በቀየርኩ ቁጥር ዓሦቼ ይሞታሉ።

መልስ፦ ትንሽ አይደለችም፣ ኦይስተር ክሪክ ሳሎንሽ መጥቶ ነው። የቧንቧ ውሃ በባልዲ ቀድተሽ እዚያው ክፍል አሳድሪው። ሙቀቱ ይስተካከላል፣ ክሎሪኑም በመጠኑ ይወጣል። ከዚያ ሁሉንም ባንዴ አትቀይሪ፤ ሩቡን ብቻ፣ ቀስ እያደረግሽ።