ፕሮፖዛሉ ሳያልቅ ጥሯቸው

ወደ ጄኔቲክስ ምርምር ለምትገቡ ልጆቼ፣

ታካሚዎችን አጋር አድርጉ ሲባል ሁላችሁም እሺ ትላላችሁ። ጣጣው ያለው ጊዜው ላይ ነው። ብዙዎቻችን የምንጠራቸው ጥያቄው ተመርጦ፣ በጀቱ ተይዞ፣ የስምምነት ቅጹ ታትሞ ካለቀ በኋላ ነው። ያኔ ቢመጡስ ምን ይለውጣሉ? ፈርመው ደም ይሰጣሉ፣ በቃ።

አሜሪካ፣ አሪዞና ውስጥ የሚኖሩት የሃቫሱፓይ ነባር ሕዝብ ሰዎች የደረሰባቸውን አንብቡ። እ.ኤ.አ. ከ1990 ጀምሮ ለአሪዞና ስቴት ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ደም የሰጡት ስኳር በሽታ ስላስቸገራቸው ነበር። ያው ደም በኋላ ስኪዞፍሬንያ ስለሚባለው የአእምሮ ሕመም፣ ስለ ዘር ሐረጋቸውም ለሚደረግ ጥናት ዋለ። ቅጹ ሰፋ ተደርጎ ተጽፎ ነበር፤ ለሰዎቹ በቃል የተነገራቸው ግን ስለ ስኳር ነው። ነገሩ ፍርድ ቤት ደርሶ በ2010 ዩኒቨርሲቲው 700,000 ዶላር ሊከፍልና የቀረውን ደም ሊመልስ ተስማማ።

የሻሮን ቴሪና የባለቤቷ የፓትሪክ ታሪክ ደግሞ ሌላ ነው። ሳይንቲስቶች አልነበሩም። በ1994 ሁለት ልጆቻቸው ፒኤክስኢ የሚባል፣ ቆዳና ዓይን የሚጎዳ በዘር የሚተላለፍ በሽታ እንዳለባቸው ተነገራቸው። ብዙም ሳይቆይ አንድ የምርምር ቡድን መጥቶ ከልጆቹ ደም ቀዳ። ሌላው ቡድን ተከትሎ መጣ። «ከፊተኞቹ ተካፈሉ» ቢባሉ አሻፈረን አሉ። እስቲ አስቡት፣ ሁለት ላብራቶሪ ስለማይነጋገር ሕፃን ልጅ ሁለቴ ይወጋል!

ወላጆቹ እጃቸውን አጣጥፈው አልተቀመጡም። ታካሚዎችን አሰባስበው የራሳቸውን የደምና የቲሹ ባንክ አቋቋሙ። ናሙና የፈለገ ተመራማሪ በእነሱ ደንብ ይገባል። ማታ ማታ ላብራቶሪ እየተዋሱ ራሳቸውም ጂኑን ፈለጉ። በ2000 ጂኑ ሲታወቅ ሻሮን ከአግኚዎቹ አንዷ ነበረች።

ሁሉም ታካሚ ማታ ላብራቶሪ ይግባ ማለቴ አይደለም። ገና ጥያቄውን ስትመርጡ ግን አብረዋችሁ ይቀመጡ። እናንተ ዕድሜ ስለማራዘም ስታስቡ፣ እነሱን ያማረራቸው እንቅልፍ ማጣቱ ሊሆን ይችላል። አንድ ታካሚ ብቻ አትጥሩ። ፕሮፌሰር በሞላበት ክፍል ብቻውን የተቀመጠ ሰው «ጥሩ ነው» ብሎ ይወጣል። ለጊዜያቸውም ክፈሏቸው። በስብሰባው ላይ ደመወዝ የማይታሰብላቸው እነሱ ብቻ ሲሆኑ ያሳፍራል።

ዘመድንም አትርሱ፤ የአንድ ሰው ጂኖም፣ ማለትም ሙሉ የዘር መረጃው፣ ስለ እህቱም ስለ ልጁም ይናገራል። ከአሜሪካዊቷ የካንሰር ታማሚ ከሄንሪዬታ ላክስ በ1951 ሳትጠየቅ የተወሰደው፣ እስከ ዛሬም በላብራቶሪ የሚራባው ሴል ጂኖም በ2013 ሲወጣ ቤተሰቧን የጠየቀ አልነበረም። ከዚያ በኋላ ነው ዳታው ለማን ይሰጥ የሚለውን በሚያይ ኮሚቴ ውስጥ የቤተሰቡ አባላት የገቡት።

ጥናቱ ሲያልቅ ደግሞ ደውሉላቸው። ምንም ካልተገኘም «ምንም አላገኘንም» በሉ። ይህችን ስልክ ነው ሁላችንም የምንሸሻት።