ከቅንፍ በፊት ያለው የመቀነስ ምልክት

ጥያቄ፦ የ7ኛ ክፍል ተማሪ የሆነች ልጄ 7ሀ − 2(3ሀ − 5) + 4 የሚለውን አቃልላ እንድትጽፍ የቤት ሥራ ተሰጥቷት በመጀመሪያ ሀ − 6 የሚል መልስ ሰጠች። ትክክል እንዳልሆነ ሲነገራት እንደገና ሠርታ ሀ + 14 ላይ ከደረሰች በኋላ፣ «መልስ አንድ ነገር መሆን አለበት» ብላ 14ሀ አደረገችው። ደንቡን ከማስሸምደድ ይልቅ ምክንያቱን እንዴት ላስረዳት?
አንድ አባት፣ ከደሴ

መልስ፦ ልጅዎ ሁለት ስህተቶች ሠርታለች፤ የሚታረሙት ግን በአንድ ሕግ ነው።

ከመጀመሪያው እንነሣ። ከቅንፉ በፊት ያለው 2 ከነመቀነስ ምልክቱ፣ ማለትም −2 ሆኖ፣ በቅንፉ ውስጥ ያለውን እያንዳንዱን ቁም፣ ማለትም በመደመር ወይም በመቀነስ ምልክት የተለየውን እያንዳንዱን ክፍል (እዚህ 3ሀ እና −5)፣ ያባዛል። −2 በ3ሀ ሲባዛ −6ሀ፣ በ−5 ሲባዛ ደግሞ +10 ይሆናል፤ ልጅዎ የመጀመሪያውን በትክክል ብታባዛም ሁለተኛውን −10 ብላዋለች። ብዙ ተማሪዎች የሚሰናከሉት እዚሁ ላይ ስለሆነ፣ «መቀነስ በመቀነስ ሲባዛ መደመር ነው» ብሎ ማለፍ አይበቃም። 20 ብር የያዘ ሰው 8 ብር ለሚያወጣ ዕቃ የ5 ብር ቅናሽ ቢደረግለት የሚከፍለው 3 ብር ብቻ ስለሆነ 17 ብር ይቀረዋል፤ በቅድሚያ 8ቱን ከፍሎ 5ቱ ቢመለስለትም የሚቀረው ያው 17 ነው። ስለዚህ 20 − (8 − 5) ማለት 20 − 8 + 5 ማለት ነው። ከሚገባው በላይ የቀነስነውን መመለስ ስላለብን ምልክቱ ይለወጣል።

የስርጭት ሕግ የሚባለው ይህ አሠራር ጥንታዊ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት 300 ዓመት ገደማ የነበረው ግሪካዊው ዩክሊድ በጂኦሜትሪ ሥራው ሁለተኛ መጽሐፍ መጀመሪያ ላይ፣ አንድን አራት ማዕዘን በርዝመቱ በኩል ብንከፋፍለው የክፍልፋዮቹ ስፋት ድምር ከሙሉው ስፋት ጋር እኩል መሆኑን በሥዕል አሳይቷል። ለልጅዎም በወረቀት ላይ ሥለው ቢያሳዩአት ቶሎ ይገባታል ብዬ አምናለሁ።

ወደ ሁለተኛው ስህተት ስንመጣ፣ ተመሳሳይ ቁሞችን፣ ማለትም አንድ ዓይነት ፊደል ያላቸውን እንደ 7ሀ እና 6ሀ ያሉትን፣ መሰብሰብ ይህንኑ ሕግ ከኋላ ወደ ፊት ማንበብ እንጂ ሌላ ደንብ አይደለም። 7ሀ − 6ሀ ወደ ሀ የሚያጥረው (7 − 6)ሀ ተብሎ ሊጻፍ ስለሚችል ነው። የዕቃው ዋጋ ሀ ቢሆንና 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስ ቢታከልበት፣ ሀ + 0.15ሀ የሚለው ሒሳብ 1.15ሀ የሚሆነውም በዚሁ ምክንያት ነው። በሀ + 14 ውስጥ ግን 14 ከሀ ጋር የተባዛ ስላልሆነ፣ ሀን የጋራ አድርገን ከቅንፍ ውጪ ልናወጣው አንችልም። በመሆኑም ሀ + 14 የመጨረሻው መልስ ነው፤ የመደመር ምልክት ስላለበት ብቻ «ያላለቀ ሥራ» ተደርጎ መቆጠር የለበትም። ሀ እና ሀ² ተመሳሳይ ቁሞች የማይባሉትም በዚሁ መለኪያ ነው።

ልጅዎ የራሷን መልስ ራሷ እንድትመረምር ያስለምዷት። ሀን በ5 ስትተካ፣ ጥያቄው 35 − 2 × 10 + 4 ሆኖ 19 ይሰጣል፤ ሀ + 14 ደግሞ 19፣ ሀ − 6 ግን −1፣ 14ሀ ደግሞ 70 ይሆናሉ። ለዚህ ፍተሻ 0ን፣ 1ን እና 2ን ባትመርጥ ይሻላል፤ ለምሳሌ ሀ + ሀ እና ሀ × ሀ የተለያዩ ሆነው ሳለ ሀ 2 ሲሆን ሁለቱም 4 ስለሚሆኑ ስህተቱን ይሸፍኑታል። ፊደሉ አንድ ብቻ ሆኖ እንደ ሀ² ያለ ምንም ኃይል ከሌለው፣ ሁለቱ አጻጻፎች በሁለት የተለያዩ ቁጥሮች ላይ እኩል ከሆኑ በሁሉም ቁጥር ላይ እኩል ናቸው።

ለልምምድ 3(2ሀ + ለ) − (ሀ − 4ለ) የሚለውን ይስጧት። ከሁለተኛው ቅንፍ በፊት ቁጥር ባይታይም −1 እንዳለ ካስተዋለች 5ሀ + 7ለ ላይ ትደርሳለች፤ 5ሀ − ለ ካለች ግን የመጀመሪያው ስህተት ገና አልለቀቃትም ማለት ነውና፣ ሀን በ5፣ ለን በ3 ተክታ 46 ማግኘት አለማግኘቷን ታረጋግጥ።