ኮዱ የማን ነው? ድርጅት ለምትመሠርቱ ልጆች

ልጆች፣

«ሐሳባችንን ይሰርቁናል» የሚለው ስጋት ከብዙዎቻችሁ አፍ አይጠፋም። የቴክኖሎጂ ድርጅት ንብረቱን የሚያጣው ግን አብዛኛውን ጊዜ በሌባ ሳይሆን በራሱ ወረቀት ዝርክርክነት ነው። ባዶ ሐሳብን ሕግ አይጠብቅላችሁም። የሚጠበቀው የተጻፈው ኮድ፣ የተመዘገበው ፈጠራ፣ የተመዘገበው ስምና በምስጢር የተያዘው ዕውቀት ነው።

የኮድ የቅጂ መብት ምዝገባ አይጠብቅም፤ በአዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ሥራው እንደተፈጠረ ይጸናል። ክርክሩ የሚነሳው «የማን ነው?» በሚለው ላይ ነው። ሦስት ጓደኛሞች ድርጅቱ ሳይመዘገብ የጻፉት ኮድ የሦስቱ የግል ንብረት ነው፤ ድርጅቱ ያኔ አልተወለደማ! ስለዚህ ንግድ ፈቃዱ በወጣ ሳምንት እያንዳንዱ መሥራች የቀደመውን ሥራ በፊርማው ለድርጅቱ ያስተላልፍ። አንዱ ተኳርፎ ከወጣ በኋላ ፊርማ መለመን ሌላ ጣጣ ነው። በአሜሪካ ሕግ ደሞዝተኛ በሥራው የጻፈው ኮድ የቀጣሪው ነው። ፍሪላንሰር፣ ማለትም ሳይቀጠር በውል የሚሠራ ሰው፣ የጻፈው ግን የጽሑፍ ማስተላለፊያ ከሌለ፣ ሙሉ ክፍያውን ቢቀበልም እንኳ፣ በአብዛኛው በራሱ እጅ ይቀራል። ለውጭ ደንበኛ የምትሠሩ ውል ፈርማችሁ ከመላካችሁ በፊት ይህን እወቁ።

የውሉ ቃል ራሱ ይመዘናል። የአሜሪካው ስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ አንድን ተመራማሪ «መብቴን ለማስተላለፍ እስማማለሁ» የሚል ወረቀት አስፈርሞት ነበር። ሰውዬው ሲተስ ወደሚባል ኩባንያ ለሥራ ሲሄድ ደግሞ «በዚህ ውል አስተላልፌያለሁ» የሚል ፈረመ። የይግባኝ ፍርድ ቤቱ የመጀመሪያውን ወደፊት የሚፈጸም ቃል ኪዳን፣ ሁለተኛውን ርክክብ አድርጎ ቆጠረው። ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶም እ.ኤ.አ. በ2011 ስታንፎርድ ተረታ። ውላችሁን አውጡና ግሱን አንብቡ።

ከኢንተርኔት ያወረዳችሁት ነፃ ኮድም ባለቤት አለው። ኤምአይቲ የሚባለው ፈቃድ የባለቤትነት ማስታወቂያውን ከኮዱ ጋር እንድታቆዩለት ብቻ ይጠይቃል። ጂፒኤል የሚባለው ፈቃድ ግን ምርቱን ለሌላ ካከፋፈላችሁ የእናንተንም ተያያዥ ኮድ እንድትሰጡ ያስገድዳል። ኤጂፒኤል ደግሞ ይብሳል፤ የቀየራችሁትን ፕሮግራም በኔትወርክ ማገልገላችሁ ብቻ ይበቃዋል። እ.ኤ.አ. በ2003 ሊንክሲስ የተባለው ኩባንያ የታወቀ ራውተሩን (ኢንተርኔት የሚያከፋፍለውን መሣሪያ) ኮድ ይፋ ለማድረግ የተገደደው ውስጡ በጂፒኤል የሚሰራጨው ሊነክስ ስለነበረ ነው። ኦፕንደብልዩአርቲ የተባለው ነፃ የራውተር ሶፍትዌር የተወለደው ከዚያ ኮድ ነው፤ ለዓለም በጎ ሆነ፣ ለኩባንያው ግን ያላሰበው ነገር ነበር። መከላከያው ቀላል ነው፦ የምትጠቀሙትን ላይብረሪ (ሌሎች ጽፈው ያዘጋጁትን ኮድ) ሁሉ ከነስሪቱና ከነፈቃዱ በአንድ ሰንጠረዥ መዝግቡ፤ አዲስ ላይብረሪ ያለ አንድ ሰው ይሁንታ አይግባ። ኢንቨስተር ሲመጣ ቀድሞ የሚጠይቀው ይህንኑ ነው።

ምስጢርን በተመለከተ አንድ ነገር ብቻ ልበል። የይለፍ ቃል ወይም ቁልፍ የኮድን ለውጥ ሁሉ መዝግቦ በሚያስቀምጠው በጊት ውስጥ በስህተት ከገባ ፋይሉን መሰረዝ አይበቃም፤ ታሪኩ ውስጥ ተቀምጧል። መጀመሪያ ቁልፉን ለውጡት፣ ከዚያ ታሪኩን አጽዱ።

በአዋጅ ቁጥር 123/1987 የኮምፒዩተር ፕሮግራም ለብቻው ፓተንት (የፈጠራ ባለቤትነት መብት) አያገኝም። መሣሪያ የምትሠሩ ግን ፓተንት 15 ዓመት፣ አገር ውስጥ ሥራ ላይ መዋሉ ሲረጋገጥ ተጨማሪ 5 ዓመት ታገኛላችሁ። ለአነስተኛ ፈጠራ የሚሰጠው 5 ዓመት ነው፣ ለሌላ 5 ይታደሳል። ወጥመዱ ኤግዚቢሽን ነው። ማመልከቻ ሳታስገቡ አሠራሩን በአደባባይ ካሳያችሁ አውሮፓ ውስጥ አዲስነቱ ወዲያው ይጠፋል፣ ፓተንቱም ይቀራል። አሜሪካ የአንድ ዓመት ፋታ ትሰጣለች፣ በእሱ መተማመን ግን አልመክርም። የንግድ ምልክት በ7 ዓመቱ መታደስ አለበት፤ ቀኑን የድርጅቱ ካላንደር ላይ እንጂ የአንድ ሠራተኛ ስልክ ላይ አትያዙት።

ንብረት ገንዘብ የሚያመጣው ሲሠራበት ነው። የእንግሊዙ አርም ለአሥርተ ዓመታት ቺፕ ሳያመርት ንድፉን እያከራየ ኖሯል፤ በቅድሚያ የፈቃድ ክፍያ ይቀበላል፣ ከዚያ ከሚሸጠው ከእያንዳንዱ ቺፕ ድርሻውን ይወስዳል። እናንተም ሶፍትዌራችሁን ስታከራዩ አገሩን፣ ዘመኑንና የሥራ መስኩን ወስኑ። ድርሻችሁ ከጠቅላላ ሽያጭ ይሁን ከተጣራ ትርፍ በግልጽ ጻፉ፤ «ትርፍ» በሚል ቃል ብዙ ሒሳብ ይሰወራል። የተከራዩን የሒሳብ መዝገብ የመመርመር መብትም አስገቡ። ብቸኛ ወኪልነት የሚጠይቅ ደንበኛ ከመጣ በዓመት የሚከፍለውን ዝቅተኛ መጠን አስሩበት። አለበለዚያ ውሉን ኪሱ ከትቶ ዝም ይላል፣ እናንተም ለሌላ መሸጥ አትችሉም።

ይህን አንብባችሁ ስትጨርሱ የድርጅታችሁ ዶሜይን (የድረ ገጽ አድራሻ) እና የመተግበሪያ መደብር አካውንት በማን ኢሜይል እንደተመዘገበ ክፈቱና እዩ። ከሁለት ዓመት በፊት የለቀቀው ልጅ ስም ከወጣ፣ ዛሬውኑ ደውሉለት።