ቀጭኑን መጽሐፍ አትናቁት

ባለፈው ቅዳሜ ብሔራዊ ቲያትር አካባቢ አሮጌ መጽሐፍ የሚሸጡ ልጆች ጋ ቆሜ ነበር። አንድ የኤሌክትሪካል ተማሪ ሁለት መጽሐፍ ይዞ ያመነታል። አንዱ ጡብ የሚያክል የዲጂታል ዲዛይን ማስተማሪያ ነው። ሌላው ቀጭን፣ ሥዕል የበዛበት፣ ኮምፒዩተር እንዴት እንደሚደምር ከዜሮ ተነስቶ የሚያስረዳ። «ጋሼ፣ ይሄኛው የልጆች አይመስልም?» አለኝ። እዚያው ቆመን ብዙ አወራን። ያልኩትን ለእናንተም ልጻፈው።

እኔ የጀመርኩት በወፍራሙ ነው። ቀመሩን በቃሌ ይዤ ፈተናውን አለፍኩ። ሥራ በያዝኩ በመጀመሪያው ዓመት አንድ ፋብሪካ ውስጥ ጠርሙስ የሚቆጥር መሣሪያ እንድጠግን ተላክሁ። ቆጣሪው እስከ 255 በደንብ ይሄዳል። ከዚያ ወደ 0 ይመለሳል። ሁለት ቀን ሙሉ ደህናውን አይሲ (ሰርኪዩት የታጨቀበትን ትንሽ ቺፕ) ስነቅልና ስተክል ዋልኩ። ስምንት ቢት፣ ማለትም ስምንት የ0 ወይም የ1 ቦታ፣ የሚይዘው ትልቁ ቁጥር 255 ነው። 256ኛው ጠርሙስ ሲመጣ፣ በእጅ ስንደምር «1 እንይዛለን» እንደምንለው፣ አንዱ ወደ ቀጣዩ አይሲ ማለፍ ነበረበት። የሚያልፍበት ሽቦ ተነቅሏል። 255 የሚለውን ቁጥር አይቼ ወዲያው ሽቦውን መፈለግ ነበረብኝ። ግን በሁለት ቤት ቁጥር፣ 0 እና 1 ብቻ ባሉት አጻጻፍ፣ በእጁ ደምሮ የማያውቅ ሰው እንዴት ያየዋል?

ቀለል ያሉት መጻሕፍት እጄ የገቡት ከዓመታት በኋላ ነው። ቻርልስ ፔትዞልድ እ.ኤ.አ. በ1999 ያሳተመው «ኮድ» አንዱ ነው። ማታ በባትሪ መብራት ከጎረቤት ጓደኛው ጋር ማውራት በሚፈልግ ልጅ ይጀምራል። ከአምፑል ወደ ሪሌ (በኤሌክትሪክ የሚሠራ ማብሪያ ማጥፊያ)፣ ከሪሌ ወደ ሎጂክ ጌት (0 እና 1 ተቀብሎ 0 ወይም 1 የሚመልስ ትንሽ ሰርኪዩት)፣ ከጌት ወደ መደመሪያ ሰርኪዩት ደረጃ በደረጃ ይወስዳችኋል። የኖአም ኒሳንና የሺሞን ሾከን መጽሐፍ ደግሞ «ናንድ» ከሚባል አንድ ጌት አስነስቶ ሙሉ ኮምፒዩተር ያሠራችኋል። ሶፍትዌሩ በነጻ ይወርዳል፤ ላፕቶፕ ብቻ ይበቃችኋል።

እነዚህን እንደ ልብ ወለድ ተጋድማችሁ አታንብቡ። ወረቀትና እርሳስ ያዙ። በተለይ ማባዛት ላይ ስትደርሱ ረጋ በሉ፤ እዚያ የራሳችን የሆነ ነገር አለ። በውጭ የሒሳብ ጽሑፎች «የኢትዮጵያ ማባዣ» የሚባል ስልት ታገኛላችሁ። የጥንት ግብጾችም ተመሳሳይ ነበራቸው። የማባዣ ሰንጠረዥ መሸምደድ አያስፈልግም፤ ማጋመስና እጥፍ ማድረግ መቻል ይበቃል። 13 ደብተር በ24 ብር ስንት ይሆናል? 13ን እያጋመሳችሁ ትርፉን ጣሉ፦ 13፣ 6፣ 3፣ 1። ከጎኑ 24ን እጥፍ እጥፍ አድርጉ፦ 24፣ 48፣ 96፣ 192። በግራ ያለው ቁጥር ተጋማሽ የሆነበትን መስመር ሰርዙ። 6 ከነ48ቱ ወጣ። የቀሩትን 24፣ 96 እና 192 ደምሩ፤ 312 ብር።

አሁን ያንኑ ወረቀት እንደገና እዩት። በግራው ረድፍ ተጋማሹን 0፣ ሌላውን 1 በሉና ከታች ወደ ላይ አንብቡ፦ 1101። ይህ 13 ነው፣ በኮምፒዩተር ቋንቋ! ቀላሉ ማባዣ ሰርኪዩትም የሚሠራው ይህንኑ ነው። ቁጥሩን አንድ ቤት ወደ ግራ ሲገፋው እጥፍ ይሆናል፤ 1 ባለበት ይደምረዋል፣ 0 ባለበት ያልፈዋል። ይህን መጀመሪያ ያየሁ ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ቀጥሎ መደመሩን ብሬድቦርድ (ያለ ብየዳ ሽቦ የሚሰካበት ሰሌዳ) ላይ ሞክሩት። «ኤክስኦር» ጌት ያለበት አንድ 7486 እና «አንድ» (AND) ጌት ያለበት አንድ 7408 አይሲ፣ ሁለት ማብሪያ ማጥፊያ፣ ሁለት ኤልኢዲ ከነሬዚስተራቸው። አንዱ መብራት ድምሩን፣ ሌላው የሚያዘውን 1 ያሳያችኋል።

«እኔ ፕሮግራመር ነኝ፣ ሽቦ አይመለከተኝም» የምትሉም አላችሁ። ይመለከታችኋል። ዐሥር ሳንቲም፣ ማለትም 0.1 ብር፣ በሁለት ቤት ቁጥር ልክ ሆኖ አይጻፍም። የፈለጋችሁትን ያህል አሃዝ ብትደረድሩ ትንሽ ይጎድላል ወይም ይተርፋል። በብዙ ቋንቋዎች 0.1 እና 0.2ን ብትደምሩ 0.30000000000000004 ይወጣላችኋል። ስለዚህ የገንዘብ ፕሮግራም ስትጽፉ ሒሳቡን በሙሉ ቁጥር፣ በሳንቲም ያዙት። እ.ኤ.አ. በ1991 ሳዑዲ ዓረቢያ ዳህራን ላይ አንድ የፓትሪዮት ፀረ ሚሳይል ሰዓቱን የሚቆጥረው በ0.1 ሰከንድ ነበር። ወደ 100 ሰዓት ገደማ ሳይጠፋ ሲሠራ ያቺ ትንሽ ጉድለት ተጠራቅማ 0.34 ሰከንድ ያህል ሆነች። የመጣውን ሚሳይል ሳያቆመው ቀረ። 28 ወታደሮች ሞቱ።

መጽሐፍ ለመግዛት አቅም ካነሳችሁ፣ ከበይነ መረብ ያወረዳችሁትን ይዛችሁ አራት ኪሎ አብርሆት ቤተ መጻሕፍት ግቡ። በአንድ ቀን ከአምስት ገጽ በላይ አትሂዱ።

ያ ልጅ ቀጭኑን ገዛ። ከመለያየታችን በፊት ደብተሩ ላይ አንድ ነገር ጻፍኩለት፣ እናንተም ሞክሩት። ማሽኑ በመደመሪያው ብቻ 5 ሲቀነስ 3ን ያሰላል። 3 በአራት ቢት 0011 ነው። ገልብጡት፣ 1100። 1 ጨምሩበት፣ 1101። አሁን ከ5 ጋር፣ ከ0101 ጋር ደምሩት። 10010 ይመጣል። መሣሪያው የሚይዘው አራት ቢት ብቻ ነው፤ የቀረው 0010፣ ማለትም 2 ነው። የወደቀው 1 ለምን መልሱን እንዳላበላሸው በራሳችሁ ቃል እስክትጽፉት ድረስ ቀጣዩን ገጽ አትግለጡ።