የግልገሎቼ ሳል ወደ ልጄ ይጋባል?

ጥያቄ፦ ግልገሎቼ ትንሽ ሲሮጡ ያስላሉ። የ3 ዓመት ልጄም ሰሞኑን ማሳል ጀምሯል። የሳንባ ትል ይሆን?

መልስ፦ እህቴ፣ የበግ የሳንባ ትል ሰው አይዝም። የሞተ በግ ሳንባ ስከፍት ደጋግሜ አይቼዋለሁ፤ አየር ቧንቧው ውስጥ በአረፋ የተለወሰ ነጭ ክር ይመስላል። እጩ (ገና ያላደገው ትንሹ ትል) ከበጠጥ ጋር ወጥቶ እርጥብ ሣር ላይ ለመተላለፍ ይደርሳል፤ ሌላው በግ ይግጠዋል። የእንስሳት ሐኪም ያሳዩዋቸው፤ የትል መድኃኒቱ አልቤንዳዞል ቢታዘዝ በክብደታቸው ልክ ይሁን፣ በዓይን ግምት አይስጡ (ይህ ልማድ ያናድደኛል)።

ልጅዎንም ሐኪም ይየው፤ ሳል ብዙ መንስኤ አለው። ወስፋት እንኳ ያስከትለዋል፦ በሰው ሰገራ ከተበከለ አፈር የተዋጠው እንቁላል ይፈለፈልና እጩ በደም ሳንባ ይደርሳል፤ ከዚያ ወደ ጉሮሮ ወጥቶ፣ ተመልሶ ተውጦ አንጀት ይገባል። እጩ ሳንባ ውስጥ ሳለ የሰገራ ምርመራ ምንም ላያሳይ ይችላል፤ በሰገራ እንቁላል የሚታየው ከተዋጠ ከ2 እስከ 3 ወር ቆይቶ ነው።