ረግረጉ ቢከለል ከብቶቻችን ምን ይበላሉ?

ጥያቄ፦ መንዝ ውስጥ ባለው ቀበሌያችን፣ ረግረጉ ለወፎች ሲባል በክረምት ከከብት ይከለል ተብሏል። መኖ ከየት እናምጣ?

መልስ፦ የሚከለከለው ኮቴው እንጂ ሣሩ አይደለም። ጭራዋን ሽቅብ ስትሰብቅ ነጭ የምታሳየው ቡናማዋ የረግረግ ወፍ በክረምት ጎጆዋን ከሣሩ ሥር ትሠራለች፤ ከብት ይረግጠዋል። የራሰ አፈርም በኮቴ ሲጠቀጠቅ ውሃ አያሰርግም። ለክረምቱ ድርቆሽና የገብስ ገለባ አቆዩ፤ ረግረጉን ከመስከረም በኋላ አጭዳችሁ ተሸከሙ። ከመሐል ወደ ዳር እጨዱ፤ ከዳር ዞራችሁ ከገባችሁ ጫጩቶቹን መሐል ላይ ትከቧቸዋላችሁ። አንድ ስንዝር ያህል ቁመት ተዉ፣ ቶሎ ያቆጠቁጣል። ቦይ መቆፈርና ዳሩ ላይ ባሕር ዛፍ መትከል ግን ፈጽሞ አይሆንም። ረግረጉን የምትከልሉበትንና የምትከፍቱበትን ቀን ራሳችሁ ወስኑ፤ የመንዝ የጋራ መሬት የሆነው ጓሳም እስከ 1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ድረስ ነዋሪው ራሱ በሚዘጋውና በሚከፍተው፣ የቄሮ ሥርዓት በሚባለው ደንብ ነበር የሚጠበቀው።